ጦጣ የሚጾምበት ደን

«‹በዚህ ደን ያሉ ጦጣዎች ረቡዕና ዓርብ ይጾማሉ። እስከ ዘጠኝ ሰዓት ፍሬ በአፋቸው አይዞርም።›» መምህር አንዱዓለም ይህን ጮክ ብለው ሲያነቡ ክፍሉ በሳቅ ተናጋ። የቤት ሥራው ባለቤት ምስጢር ዴስኳ ሥር መግባት አማራት።

«ዝም በሉ! ገና ምኑ ተነካና» አሉ የባዮሎጂ መምህሩ። «‹ሲሰድቡት የሚያድግ ዛፍ አለ። ሰው ሲዋሽ ቅጠሉን የሚያራግፍ ዋርካም አለ። የአገሩ ሰው ደኑን ስለሚያከብር ሳያማትብ አይገባበትም። ይህን ሁሉ በዓይኔ አይቻለሁ።›» ቀና አሉ። «በዓይንሽ?»

እውነቱን ለመናገር፣ ምስጢር በዓይኗ ያየችው «በዓይኑ አይቶ ለጻፈ አምስት ማርክ ይጨመራል» የሚለውን ማስታወቂያ ብቻ ነበር። የቀረውን ሁሉ አያቷ መሪጌታ ወልደ ዮሐንስ ናቸው ያጫወቷት፣ ከትክል ድንጋይ ከተማ ወዲያ ስላለው አገራቸው። እሷ አንድም ቀን ሄዳ አታውቅም። አምስት ማርክ ግን፣ ልጆቼ፣ እንዲህ በቀላሉ የሚገፋ ነገር አይደለም።

«አዎ፣ ቲቸር» አለች።

ከኋላ የተቀመጠው ቻላቸው እጁን አወጣ። «ቲቸር፣ እኔም አውቀዋለሁ! አንዷ ጦጣ ሙዝ ስሰጣት ‹ዓርብ ነው› ብላ መለሰችልኝ።»

«ብላ?»

«በምልክት ነው፣ ቲቸር።»

መምህሩም አገጫቸውን እያሻሹ «እኔም የሆነ ቦታ የሰማሁ ይመስለኛል» አሉ። እንዲህ እንዲህ እየተባለ ደወሉ እስኪደወል ድረስ ደኑን የማያውቅ ሰው ጠፋ። የትምህርት ቤቱ የተፈጥሮ ክበብ ለቅዳሜ ሽርሽር ቦታ አጥቶ ነበር። ይኸው ተገኘ። «ምነው ረቡዕ በሆነ! ሲጾሙ እናያቸው ነበር» ብለው መምህሩ ከልባቸው አዘኑ።

ምስጢር አራዳ ሰፈር ካለው ቤታቸው ስትደርስ መሪጌታ በረንዳው ላይ ተቀምጠው የመነጽራቸውን እጀታ በክር ያስራሉ። ከአገር የመጡት እሱን ለማሠራት ነበር። ዋጋውን ሲሰሙ ግን ክር ገዝተው ተመለሱ።

«አባባ፣ ደኑ ትልቅ ነው አይደል?»

«የቱ ደን?»

«የኛ ነዋ! ጦጣ የሚጾምበት!»

መሪጌታ ክሩን በጥርሳቸው እንደያዙ ቀሩ። «እሱማ አራት ወይራና አንድ ጽድ ነው። ቤተ ክርስቲያኑ ባያስጠልላቸው ኖሮ እነሱም አይገኙም ነበር።»

«ጦጣዎቹስ?»

«ፍሬው ካለቀ ምን ይብሉ? ጾሙ አልኩሽ። ጾሙ ሲረዝምባቸው ደግሞ ወደ ቆላ ወረዱ።»

«ሲሰድቡት የሚያድገውስ?»

«ባሕር ዛፍ ነዋ! ‹ውኃችንን ጠጣው፣ መሬቱን አደረቀው› እያልን ስንረግመው ይኸው ሰማይ ነካ።»

«ዋርካውስ?» ድምጿ ቀጠነ።

«ሽማግሌ ተቀምጦ ይዳኝበት ነበር። ስንቱ ከሥሩ ቆሞ በሐሰት ማለ መሰለሽ! አንድ ቀን ብናየው ቅጠል የለውም፣ ደርቋል። እኛም ሌላ ምክንያት አልፈለግንለትም።»

«ምነው አባባ፣ እንዲህ ብለው ቢነግሩኝስ!»

«ነገርኩሽ እንጂ! እኔ የቅኔ መምህር ነኝ። ጨው አቀብሉኝ ስል እንኳ በሰምና ወርቅ ነው። ስምሽን ምስጢር ያልኩት ለምን ሆነና? አንቺ ሰሙን ይዘሽ ሮጥሽ፣ ምስጢሩን እዚሁ ጥለሽው።»

ጉዱን ሁሉ ነገረቻቸው። መሪጌታ እንባቸው እስኪፈስ ሳቁ። ያሰሩት እጀታም ተመልሶ ወለቀ።

«እኔ ሄጄ ልንገርልሽ? ‹ደኑ ትናንት ተሰደደ› እላለሁ።»

«አባባ!»

«እሺ፣ እሺ። ግን ይምጡ። ዳቦም ውኃም አለ። ጥላውን ብቻ ከቤታቸው ይዘው ይምጡ።» ይህን ሲሉ አልሳቁም።

በማግስቱ ምስጢርና ጓደኛዋ ሄለን ከመምህራን ክፍል ፊት ለፊት ካለው የዋንዛ ዛፍ ሥር ቆሙ።

«አታካብጂ ባክሽ!» አለች ሄለን። «ቅዳሜ ጠዋት ‹ሆዴን› ብለሽ መተኛት ነው።»

«እነሱስ?»

«ሄደው ያጡታል። ከዚያ ቻላቸው ‹ጦጣዎቹ ቅዳሴ ሄደው ነው› ይላል፤ አለቀ።»

ምስጢር ሳቋ አመለጣት። ቻላቸው እንዲህ ማለቱ እንደማይቀር አልተጠራጠረችም። የባሰው ደግሞ መምህሩ ሳያምኑት አይቀሩም። ያላየችው ደን እንዲህ እንዲህ እያለ ከእሷ ቁመት በላይ ሊያድግ ነው።

«ሆዴን...» አለች ለሙከራ፣ ፊቷን አጨማዳ። «ቲቸር፣ ሆዴን በጣም ቆረጠኝ...»

ይሄኔ መዳፍ የሚያህል የዋንዛ ቅጠል እየተንሳፈፈ መጥቶ አናቷ ላይ አረፈ። ሁለቱም ቀስ ብለው ወደ ላይ አዩ።

«በጋ እኮ ነው» አለች ሄለን ድምጿን ዝቅ አድርጋ። «በበጋ ቅጠል ይረግፋል።»

«ይረግፋል» አለች ምስጢር። ቅጠሉን ከፀጉሯ አነሳችና ጥቂት አገላብጣ አየችው። ከዚያ ወደ መምህራን ክፍል መራመድ ጀመረች።

«አንቺ! አምስቱ ማርክስ?»

«እሱም ይጹም!»

መምህር አንዱዓለም የፎቶ ካሜራቸውን በሸሚዛቸው ጫፍ እየወለወሉ ነበር። «ምስጢር! ነይ፣ ጦጣዎቹ ካሜራ ይፈራሉ እንዴ?»

«ቲቸር፣ ስለ ደኑ ነው የመጣሁት።» ቅጠሉን በጣቶቿ ጠበቅ አድርጋ ያዘችው። «አላየሁትም። ደግሞ ቅዳሜ ከሄድን... ሁላችንም ጃንጥላ ያስፈልገናል።»