የጌቶች በር

ሻለቃ ላምበርት ፔንሮድ በግጥሚያ ቀን በምሳ ሰዓት ሞቶ ተገኘ። ወሬው ሲደርስ ከሆልምስቶክ መንደር ሰው የጎረሰውን ያቋረጠ የለም። ከሦስት ዓመት በፊት፣ በጦርነቱ፣ ሠላሳ አንድ የመንደሩን ልጆች ለሁለተኛ ጊዜ ወደ መትረየስ ሰድዶ ያስጨረሰ እሱ ነው ይባል ነበር። ክሪኬት በሚባለው የዱላና የኳስ ጨዋታ አንደኛ መቺ ነበር፤ ነጥብ ሲያስቆጥር ግን የሚያጨበጭብለት ጠፍቶ ነበር።

የወደቀው ጌቶች፣ ያለ ደመወዝ የሚጫወቱት ባላባቶች፣ በሚለብሱበት ክፍል ነው። አጠገቡ በደም የተለወሰ የእንጨት መዶሻ ነበር። መዶሻው የኢኖክ ተርኬል ነው። ኢኖክ የቀድሞ እግረኛ ወታደር ነው፤ በደመወዝ ኳስ ይወረውራል፣ ሜዳውንም ያሰናዳል። አንድ ልጁ ዊልፍ ከሠላሳ አንዱ አንዱ ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ለሻለቃው ቆቡን አንስቶ አያውቅም። አሁን ደግሞ ከጌቶች በር ሲወጣ ታይቷል። ባለ ደመወዝ ተጫዋች የሚገባው በጓሮ በር ነው፤ ይህ በሆልምስቶክ ከአሥርቱ ትእዛዛት ቀጥሎ ያለ ሕግ ነው።

«አንገቱ ተገኝቷል፣ ገመዱ ብቻ ነው የቀረው» አለ የመንደሩ ፖሊስ ግሪምዝ።

መርማሪ ኦባዲያ ክሬክ ሬሳው አጠገብ ተንበረከከ። ጉንፋን የማይለቀው አጭር ሰው ነው፤ ጦርነቱን በእግረኛ አሥር አለቃነት ነው ያሳለፈው። የራስ ቁስሉን አየ፤ ጠባብና ረጅም ነው። የመዶሻው ራስ ድቡልቡል ነው። ከዚያ ግድግዳ ተደግፈው ከቆሙት የመምቻ ዱላዎች መካከል የሻለቃውን አነሳ። መሃሉ በአዲስ ነጭ ጥብጣብ ተጠምጥሟል። ጥብጣቡን በጣቱ ከላይ ተከትሎ ወረደና ታች ያለው ቋጠሮ ላይ ቆመ።

ከምሳ ገበታ የተነሱት ሦስት ሰዎች ብቻ ነበሩ። መጀመሪያ ኢኖክን ጠራ።

«እዚህ ምን ልትሠራ ገባህ?»

«እሱ ጠርቶኝ። ጠዋት ‹በምሳ ሰዓት በእኛ በር ግባ፣ የምነግርህ አለኝ› አለኝ። ስገባ ሞቷል።»

«አዘንክ?»

«ለምን እዋሻለሁ? ሰው ቀደመኝ ነው ያልኩት።»

«ይሄ አፍህ ነው የሚያሰቅልህ።»

ሁለተኛው የቡድኑ ምክትል አለቃ ሻምበል ጁሊያን ዋይቨርን ነው። ተቀመጥ ሳይባል ተቀመጠ።

«ያ ባለጌ ሲገባ በዓይኔ አይቻለሁ። እኔ ከጠዋት ወዲህ ክፍሉን አልረገጥኩም።»

«በጦርነቱ የት ነበሩ፣ ጌታዬ?»

«ፈረሰኛ። ኋላ የጠቅላይ ሰፈሩ መልእክተኛ መኮንን። አንተስ፣ ድንች ላጭ ነበርክ?»

«በእግሬ ነበርኩ።»

«ያስታውቃል።»

የሻለቃው ሚስት ኦገስታ ዓይኗ ደርቆ ነበር። በጦርነቱ ጊዜ ነርስ ሆና ብዙ ሬሳ አይታለች።

«ባለቤትዎ ለኢኖክ ምን ሊነግሩት ነበር?» አላት።

«እንጃለት። ይህን ፖስታ ‹እኔ ካልቻልኩ አንቺ ስጪው› ብሎኝ ነበር። ባሌ ላይ ለሚተፋ ሰው አልላላክም!»

ክሬክ እጁን ዘረጋ። ፖስታውን ከፍቶ አነበበ፤ ሲያነብ ማስነጠሱን እንኳ ረሳ።

በሻይ ሰዓት ሁሉንም እዚያው ክፍል ሰበሰበ። ሬሳው አግዳሚው ላይ በነጭ አንሶላ ተሸፍኗል። ለሦስቱም አንድ አንድ ዱላና ጥብጣብ ሰጣቸው።

«የተሰነጠቀ ነው ብላችሁ ጠምጥሙልኝ።»

«የልጆች ጨዋታ!» አለ ዋይቨርን፤ ግን ጠመጠመ። ኢኖክ ከታች ወደ ላይ ጠመጠመ፣ ኦገስታም እንዲሁ። ዋይቨርን ከላይ ጀምሮ ታች ቋጠረ።

«ሻለቃው እስከ ምሳ ድረስ በራቁት ዱላ ሲመታ መንደሩ ሁሉ አይቷል» አለ ክሬክ። «ጥብጣቡን ያሰረው እንግዲህ ገዳዩ ነው። በጠባቡ ጠርዝ ሲመታው ዱላው ተሰነጠቀ። ስንጥቁን ሸፍኖ ከሌሎቹ ጋር አቆመው፤ የኢኖክን መዶሻ ደም አስነክቶ ጣለው። የአብዬን እከክ ወደ እምዬ ልክክ!»

«አጠማጠሙስ ምን አገባው?» አለ ግሪምዝ።

«እግረኛ ወታደር እግሩ ላይ ጨርቅ ሲጠመጥም ከቁርጭምጭሚቱ ይነሳል። ኢኖክ እግረኛ ነበር። ነርስም ቁስል ስታስር ከታች ትጀምራለች። ከጉልበት ጀምሮ ቁርጭምጭሚት ላይ የሚቋጥር ፈረሰኛ ነው። እጅ የለመደውን አይረሳም፣ ሻምበል። ክፍሉን አልረገጥኩም ብለውኛል።»

«ሰው በጥብጣብ ይሰቀላል?»

«በደብዳቤም ነው።» ክሬክ ወረቀቱን ዘረጋ። «የጠቅላይ ሰፈሩ ጸሐፊ የጻፈው ነው፤ ለሻለቃው የደረሰው ትናንት። ሁለተኛው ጥቃት ተሰርዞ ነበር። ስረዛውን ይዞ የተላከው ዋይቨርን መድፉን ፈርቶ ጉድጓድ ውስጥ ዋለ፤ ከዚያ ‹አድርሻለሁ› ብሎ ፈረመ። ሻለቃው ስረዛውን ከነጭራሹ አልሰማም።»

ዋይቨርን ዱላውን ወለሉ ላይ ወረወረ። «ለእኔ ብቻ ሹክ ብሎ ቢተወው ምን ነበረበት? ‹መጀመሪያ ለአባትየው፣ ከዚያ ለመንደሩ እናገራለሁ› አለኝ! ከእኔ ስም የአንድ ኳስ ወርዋሪ ሐዘን በለጠበት!»

ግሪምዝ ይዞት ወጣ። የወጡት በጓሮ በር ነበር።

ኢኖክ ደብዳቤውን ሁለት ጊዜ አነበበ። «ዛሬ ጠዋት ሲጠራኝ ጫማው ላይ ተፋሁ» አለ።

«አይቻለሁ» አለች ኦገስታ።

ወደ አግዳሚው ሄዶ ቆቡን አወለቀ።

«አሁን ምን ያደርግለታል?» አለችው።

ኢኖክ ቆቡን በእጁ እንደያዘ እዚያው ቆሞ ቀረ።