አሮጌው ዘይት ሳይወጣ

ነጅዋ ወደ ጀይላን ሱቅ መጀመሪያ የሄደችው የሞተር ዘይት ልትገዛ ነው። የቱን ዘይት እንደምትገዛ ግን አታውቅም።

«ለጄኔሬተር ነው» አለችው።

«ቤንዚን ነው ናፍጣ?»

«እኔ እንጃ። በጣም ይጮሃል።»

ጀይላን ሳቁን ዋጥ አደረገ። «ዘይቱንስ አይተሽዋል? እንደ ማር ነው ወይስ እንደ ጥላሸት?»

«ከጥላሸትም ብሶበታል።»

«እንግዲያው ሄጄ ልየው። ይሄ ቀጭኑ ለደጋ ነው፤ በከሚሴ ሙቀት ውሃ ይሆናል» አለና ወፈር ያለውን ሊትር አንስቶ ተከተላት።

አባቷ ጋሽ ኸይረዲን የጨፋን ሜዳ ማሽላ ሲነግዱ የኖሩ ሰው ናቸው። ሳንባቸው ከታመመ ወዲህ የሚተነፍሱት ኦክስጅን በሚሰጥ ማሽን ነው። ማሽኑ ያለ መብራት አይሠራም፤ የከሚሴ መብራት ደግሞ ሲያሰኘው ይጠፋል። ስለዚህ ያ ቤት ያለ ጄኔሬተር የማያድር ቤት ነበር።

ጀይላን ሞተሩን ጥቂት አሙቆ አጠፋው። ከታች ያለውን ቡሎን ፈትቶ ጥቁሩን ዘይት እስከ መጨረሻው ጠብታ አንጠፈጠፈ፤ ከዚያ አዲሱን ሞልቶ በመለኪያው ዘንግ ለካ። ነጅዋ ሥራውን ሳይሆን ጣቶቹን ነበር የምታየው። ቀና ሲል ዓይን ለዓይን ተጋጩና ሁለቱም አፈሩ።

«አካም ጅርታ፣ ልጄ?» ብለው ጋሽ ኸይረዲን ከውስጥ ሰላም አሉት።

«አልሐምዱሊላህ፣ አባ። እርስዎስ?»

«አንተ ካለህልኝ እተነፍሳለሁ።»

ከዚያ ወዲያ ጀይላን ዘይቱ ሳይጠቁርም ይመጣ ጀመር። ለክፉ ቀን ብሎም አንድ ሊትር ቤታቸው አስቀመጠ። እናቷ ወይዘሮ ዓፊያ «ይሄ ሞተር እንዲህ ዘይት ይወዳል እንዴ?» እያሉ ይስቁባቸዋል። ነጅዋ ወዳዋለች፤ ለመደበቅም ብዙ አልለፋችም።

ጀይላን በወጉ ሽማግሌ ላከ። ጋሽ ኸይረዲን ፊታቸው እሺ እያለ «ዓርብ ከጁምዓ በኋላ ኑ» ብለው ሸኟቸው። መልስ እስኪሰጥ ድረስ ጠያቂው በልጅቱ ደጅ አያልፍም፤ እሷም እሱ ባለበት አትታይም። ሰው ምን ይላል! ይሉኝታን ያመጣው ሰው መቼም ጄኔሬተር አያውቅም።

በዚያው ሳምንት መብራቱ ጠፍቶ አልመለስ አለ። ሞተሩ ሌት ተቀን ሲሠራ ዘይቱ ጠቆረ። ነጅዋ ስልኳን አንስታ የጀይላንን ስም አየችና አፍራ መልሳ አስቀመጠችው። «ዘይት መገልበጥ እኔስ ያቅተኛል?» አለች ለራሷ።

ሞተሩን ላፍታ አጠፋች። የተቀመጠውን ሊትር አሮጌው ዘይት ላይ እንዳለ ጨመረችው። ቡሎኑ ትዝም አላላት። ሞተሩ ሲነሳ እስከ አንገቱ ሞልቷልና ነጭ ጭስ ተፋ፣ ተንገጫገጨ፣ ቆመ። ገመዱን ብትስበው ብትስበው አልነሳ አላት፤ የአባቷም ማሽን ቆመ። ጋሽ ኸይረዲን በባጃጅ ተወስደው ሆስፒታል ሳይደርሱ ልጃቸው ክንድ ላይ አረፉ።

ከቀብሩ ማግስት ጀይላን ለተዕዚያ፣ ሊያጽናናቸው መጣ። ወይዘሮ ዓፊያ እየመሩ ጄኔሬተሩ ጋ ወሰዱት።

«እስቲ እየው። ምን ሆኖ ነው ባሌን የገደለብኝ?»

ጀይላን ክዳኑን ሲከፍት ዘይቱ ገንፍሎ እጁን አለበሰው። ዞሮ ነጅዋን አያት። ነጅዋ ሁሉም ነገር የገባት ያን ጊዜ ነው፤ ያልፈታችው ቡሎን ትዝ አላት።

«ተናገር እንጂ!» አሉ እናቷ።

«የእኔ ጥፋት ነው፣ እማማ። ያስቀመጥኩላችሁ ዘይት ለዚህ ሞተር የሚሆን አልነበረም።»

ወይዘሮ ዓፊያ በጣታቸው በሩን አሳዩት። «ውጣልኝ» አሉት። ሽማግሌዎቹም ዓርብ እንዳይመጡ መልእክት ተላከ።

ነጅዋ እየሮጠች መንገድ ላይ ደረሰችበት። ይሉኝታው አሁን የት እንደገባ እንጃለት።

«ለምን ዋሸህ? እነግራታለሁ!»

«አትንገሪያቸው።»

«አንተን እኮ ነው የማጣው፣ ጀይላን!»

ጀይላን ዘይት የነካ እጁን ሱሪው ላይ እየጠረገ ቆየ። ዓይኑ እንባ ሞልቶ ነበር።

«እኔን ቢጠሉኝ እዚያ ማዶ ሱቄ ውስጥ ነኝ። አንቺ ግን አብረሻቸው ነው የምታድሪው። ባላቸውን በቀበሩ ማግስት ልጃቸውን አይጡ፣ ነጅዋ።»

ሄደ። ነጅዋ አልጠራችውም።

ዓርብ ከጁምዓ በኋላ እናትና ልጅ ለሁለት ምሳ ቀረቡ። ወይዘሮ ዓፊያ ምግቡን ለራሳቸው ጠቅልለው ነበር፤ ሐሳባቸውን ቀይረው ለነጅዋ አጎረሷት።

«ከእንግዲህ ካንቺ በቀር ማን አለኝ» አሉ።

«እማዬ…»

«ምነው፣ ልጄ?»

ነጅዋ ጉርሻውን በግድ ዋጠች።

«ምንም» አለች።