ያልፈታሁት ጥቅል

የጂንና የሙት መንፈስ ወሬ ሲነሳ ሻዬን ሳልጨርስ ብድግ የምል ሰው ነኝ። የሚያውቁኝ ሁሉ «ሰናይት ዓይኗ ያላየውን አታምንም» እያሉ ይተርቡኛል፣ እውነታቸውን ነው። ስለዚህ አሁን የምነግራችሁን ስትሰሙ «እሷንም ጀመራት» እንዳትሉኝ፣ ሌላ ሰው ቢያወራኝ እኔም እንደዚያው ነበር የምለው።

መርካቶ ጭድ ተራ ሰሌንና ቅርጫት እሸጣለሁ። ክረምት ላይ ገበያ ሲቀዘቅዝ ሥራዬ ስልኬ ላይ ማፍጠጥ ነው፣ ሌላው ሰው ሠርግና ድራማ ያያል፣ እኔ እባብ አያለሁ። አትሳቁ! ከልጅነቴ ጀምሮ ስለምፈራቸው ነው መሰለኝ የማያቸው፣ የዓለምን መርዘኛ እባቦች ስም እንደ ኳስ ተጫዋቾች ስም ነው የምጠራላችሁ። የአውስትራሊያው ታይፓን አለ፣ መርዙን የሚያክል የለም ይባልለታል፣ ግን የሚኖረው ሰው በማይደርስበት በረሃ ስለሆነ ከሰው ጋር ብዙም አይገናኝም። ጥቁር ማምባ አለ፣ ኮብራ አለ። ብዙ ሰው የሚጨርሰው ግን ማንም ከቁም ነገር የማይቆጥረው ነው፣ ከክንድ እምብዛም የማይረዝም፣ አፈር የመሰለ፣ ሰው በሚኖርበት ቆላ የሚኖር ትንሽዬ እፉኝት። እሱ ሲቆጣ ተጠቅልሎ ቅርፊቱን እርስ በርሱ ይፈትገዋል፣ ድምፁ ደረቅ እንጨት በመጋዝ ሲቆረጥ እንደሚሰማው ነው። ይህን ድምፅ ያዙልኝ።

የእኔን ሱቅ ከጎረቤቴ የሚለየው ቀጭን ኮምፔንሳቶ ነው። ከኮምፔንሳቶው ወዲያ ጋሼ ከድርና ባለቤታቸው እትዬ ዘሀራ ነበሩ፣ በወጣትነታቸው ከስልጤ አገር መጥተው እዚያችው ሱቅ ውስጥ አብረው ያረጁ ሰዎች። ሲቀመጡ ጀርባ ለጀርባ ተደጋግፈው ነው፣ ጋሼ ከድር ወደ መንገዱ፣ እትዬ ዘሀራ ወደ ዕቃው። ወንበር መግዛት አቅቷቸው እንዳይመስላችሁ፣ መደገፊያ ያለው ወንበር ልጆቻቸው አምጥተውላቸው ለደንበኛ ነው የሰጡት።

ጋሼ ከድር አንድ ልማድ ነበራቸው። ከቆላ የመጣ ጥቅል ሰሌን ሲፈቱ መጀመሪያ በከዘራቸው ያንኳኩበታል፣ ሁለቴ ቶሎ ቶሎ፣ ትንሽ ቆየት ብለው ደግሞ አንዴ። «በሰላም ውጣ፣ እኛም ሰላም ነን» ይላሉ፣ ጆሯቸውን ጣል አድርገው ይጠብቃሉ፣ ከዚያ በኋላ ነው ገመዱን የሚፈቱት። ወጣት ሳሉ ሰሌን ሊገዙ ቆላ ወርደው ታላቅ ወንድማቸው ጥቅል ሲፈታ በእባብ ተነድፎ እጃቸው ላይ ነው ያለፈው። ከእሳቸው አይቶ ተራው ሁሉ ማንኳኳት ለምዶ ነበር፣ የምስቀው እኔ ብቻ ነኝ።

«ጋሼ፣ ይሄ እኮ አዲስ አበባ ነው፣ እባቡ ራሱ በብርድ ያልቃል» እላቸዋለሁ።

«ይደነዝዛል እንጂ አያልቅም ልጄ፣ ሲሞቀው ይነቃል» ይሉኝና በከዘራቸው የኋላውን ግድግዳ ያሳዩኛል።

ከሱቆቻችን ጀርባ ዳቦ ቤት አለ፣ የምድጃው ሙቀት ግድግዳችንን ዘልቆ ይመጣል፣ ክረምት ላይ ሰሌኑ እንዳይሻግት ሁላችንም ወደ እሱ አስጠግተን ነው የምንደረድረው።

ጋሼ ከድር አምና በጋው ሊያልቅ ሲል አረፉ፣ ታመውም ብዙ አልቆዩ። እትዬ ዘሀራ ሐዘን ተቀምጠው ወደ ሱቅ ሲመለሱ ግማሽ ሆነው ነበር። በተመለሱበት ቀን ከማዶ ያለው ነጋዴ፣ አብዱ ነው ስሙ፣ ጥቅል ሊፈታ በዱላ ሲያንኳኳ እትዬ ዘሀራ ብድግ ብለው «ከድር!» አሉ። ዙሪያቸውን አዩ፣ ከዚያ ቀስ ብለው ተቀመጡና ሻርፓቸውን ፊታቸው ላይ ሳቡ። አብዱ ዱላውን ይዞ እንደቆመ እንባው መጣ። ከዚያ ቀን ጀምሮ በእኛ ተራ ጥቅል የሚያንኳኳ ሰው ጠፋ። እሳቸውን ላለማሳመም ነው። የሚሆነውን ያሰበ ግን አልነበረም፣ ስለ እባብ ሁሉን አውቃለሁ ባይዋ እኔ እንኳ።

ነሐሴ ላይ ነው፣ ከሰዓት በኋላ። ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድብ ቆይቶ ገና ማባራቱ ነበር፣ መብራት ጠፍቶ ሱቆቹ ውስጥ ደንገዝገዝ ብሏል። ለእትዬ ዘሀራ ከአዋሽ በኩል የመጣ ሰሌን ጠዋት ተራግፎ እንደ ልማዳችን ዳቦ ቤቱን ተደግፎ ውሏል። ስልኬን እያየሁ ከኮምፔንሳቶው ወዲያ ማንኳኳት ሰማሁ። ሁለቴ ቶሎ ቶሎ፣ ትንሽ ቆይቶ አንዴ።

እመኑኝ፣ መጀመሪያ የተሰማኝ ፍርሃት አይደለም፣ ደስታ ነው። «ተመስገን፣ እትዬ ዘሀራ ራሳቸው ማንኳኳት ጀመሩ፣ ሐዘኑ ሊለቃቸው ነው» ብዬ ላጫውታቸው ተነሳሁ። ስገባ ጥቅሉ ፊት በርከክ እንዳሉ፣ እጃቸው ገመዱ ላይ ደርቆ ቀርቷል።

«አንቺ ነሽ ያንኳኳሽው?» አሉኝ።

«እኔማ እርስዎ መስለውኝ ነው የመጣሁት።»

«እጄ ይኸው ገመዱ ላይ አይደለም እንዴ!»

«የጋሼ ከዘራስ?»

«ቤት ነው ልጄ፣ አልጋዬ አጠገብ ነው የማሳድረው።»

ይህን ስንባባል እንደገና ተንኳኳ፣ አሁን ከየት እንደሆነ ለየሁት። ከጥቅሉ ውስጥ ነው። ከውስጥ ነው የምላችሁ! ሁለቴ፣ ከዚያ አንዴ። እኔ ወደ ኋላ ስል እትዬ ዘሀራ ፊታቸው በራ፣ እንደዚያ በርቶ አይቼው አላውቅም፣ «መጣሁ፣ መጣሁ» እያሉ ገመዱን ለመፍታት ተጣደፉ። ቋጠሮው ላላ፣ ሰሌኑ ትንሽ ተከፈተ፣ እጃቸውን ወደ ውስጥ ሊሰዱ ሲሉ ያን ድምፅ ሰማሁ። መጋዙን።

ወገባቸውን አቅፌ እንዴት እንደጎተትኳቸው አላውቅም፣ ተያይዘን ቅርጫቶቹ ላይ ወደቅን። ከሰሌኑ መሀል ተንሸራቶ ወጣና ተጠቀለለ፣ ትንሽ ነው፣ አፈር ነው የሚመስለው፣ ቅርፊቱን እየፈተገ አንገቱን ቀስሮ ያየናል። በስልክ አንድ ሺህ ጊዜ ያየሁት ነገር ፊቴ ሲቆም ጮህኩ። እሱ ከነደፈ ደም አልረጋም ይላል፣ መድኃኒቱ ደግሞ በፈለጉበት ሆስፒታል የሚገኝ አይደለም። አብዱ ጩኸቴን ሰምቶ ሮጦ መጣና ትልቅ ባልዲ ደፋበት፣ ድንጋይ ጫነበት፣ ከዚያ ወዲያ የሆነውን ለማየት አልቆየሁም።

ተራው ሁሉ መጥቶ ሰሌኑን አንድ በአንድ ዘረጋው፣ ሌላ ምንም የለም። እባብ አያንኳኳም፣ ይህን የምታውቁት ይመስለኛል። አብዱ «በሙቀቱ የግድግዳው ጡብ ተንጣጥቶ ይሆናል» አለ፣ እኔም እንደዚያ ቢሆን ደስ ይለኛል። የሚከነክነኝ ግን ሌላ ነው፣ ያ ማንኳኳት እጃቸውን ሊያስመልስ ነበር ወይስ ሊጠራቸው?

እትዬ ዘሀራ ይህ ጥያቄ አላስጨነቃቸውም። በማግስቱ ከዘራውን ከቤት ይዘው መጡ፣ ማንኳኳቱ ወደ ተራችን ተመለሰ። እሳቸው ሲያንኳኩ አያለሁ፣ ጆሯቸውን ጥቅሉ ላይ አሳርፈው ይጠብቃሉ፣ እባብ ለመስማት ከሚበቃው በላይ፣ በጣም በላይ ይጠብቃሉ። ከዚያ ቅር እያላቸው ይፈታሉ። ከኮምፔንሳቶው ወዲህ ሆኜ ትንፋሼን ይዤ አብሬያቸው እጠብቃለሁ።

ወደ ኅዳር ገደማ ለእኔ ሰሌን መጣልኝ። አዎ፣ የምስቀው እኔ፣ ጥቅሉን በጣቴ አንኳኳሁ፣ ሁለቴ፣ ከዚያ አንዴ። መለሰልኝ። ሁለቴ፣ ከዚያ አንዴ፣ ቀስ ብሎ፣ የደከመው ሰው እንደሚያንኳኳ።

አልፈታሁትም። እስከ ዛሬም አልፈታሁትም፣ ደንበኛ ሲጠይቀኝ «የተሸጠ ነው» እላለሁ። ከግድግዳው አርቄ ቀዝቃዛው ጥግ አስቀምጬው ነበር፣ ውስጥ ያለው እፉኝት ከሆነ እንደደነዘዘ ይቅር ብዬ። እትዬ ዘሀራ ሰምተው መጡና «ይበርደዋል» ብለው ራሳቸው እየጎተቱ ወደ ሙቀቱ መለሱት። ከዚያ ወዲህ ከሰዓት በኋላ ሲሆን መጥተው ጀርባቸውን ለጥቅሉ ሰጥተው ይቀመጣሉ፣ ይደገፉታል። ምሳ መብላት ጀምረዋል፣ ስለ ልጆቻቸው ያወራሉ፣ ባለፈው ሳምንት ደግሞ ብቻቸውን ሲስቁ ሰማሁ። ልጥለው አስባለሁ፣ ያን ሳቅ ሳስታውስ እጄ እምቢ ይለኛል።

«እትዬ፣ ያኛው ቢሆንስ? እፉኝት እኮ ሳይበላ ወራት ይቆያል» አልኳቸው አንድ ቀን።

«ይቆይ» አሉኝ፣ ወደ ኋላ ደገፍ እያሉ፣ «እኔም እየቆየሁ አይደል።»

ምን ትላላችሁ? ማታ ስዘጋ ወደ ጥቅሉ ዞሬ «ደህና እደሩ ጋሼ» እላለሁ፣ የማላምነው እኔ። ከዚያ ደግሞ ቁልፉን ከመቆለፌ በፊት በኮምፔንሳቶው ሥር ወደ እትዬ ዘሀራ ሱቅ የሚያሳልፈውን ክፍተት በጨርቅ እደፍናለሁ።