የትርፌ የክርስትና ስም

ብዙነሽ ትርፌን የወለደቻት ሦስት ልጆች ከቀበረች በኋላ ነው። ሦስቱንም ስማቸውን በአደባባይ እየጠራች፣ እያቆላመጠች ነበር ያሳደገቻቸው፤ ሁሉም ክፉ ደጉን ሳይለዩ ሄዱ። አራተኛዋ ስትመጣ አፏን ዘጋች። ለመጠሪያ «ትርፌ» አለቻት፣ ከሞት የተረፈች እንደ ማለት። የክርስትና ስሟን ግን ደበቀችው።

ቆቦ ላይ ይህ ለማንም እንግዳ አይደለም። ሰውን በክፉ የሚፈልግ ሁለት ነገር ይበቃዋል ይባላል፤ የክርስትና ስሙና የእናቱ ስም። ሁለቱ በአንድ እጅ ከገቡ መተቱም ዓይነ ጥላውም መንገድ አይስትም። የእናት ስም ጎረቤት ሁሉ ስለሚያውቀው አይደበቅም፤ የሚደበቀው ያኛው ነው። ልጅቱን ያጠመቋት ቄስ አርፈዋል፣ ክርስትና እናቷም እንዲሁ። ብዙነሽ ለጠየቃት ሁሉ «ወለተ ማርያም ናት» ትላለች፤ ውሸቷን ነው። እውነተኛውን ለትርፌ የነገረቻት ለአቅመ ሔዋን ስትደርስ ነው፣ ያውም «ለባልሽም ቢሆን እንዳትነግሪ» ብላ አስምላ። እኔም እዚህ አልጽፈውም። የሚስቅ ይሳቅ።

ትርፌ በገበያ ቀን ጨሌ፣ ኩልና ዛጎል ዘርግታ ትሸጣለች። ዛጎሉን የሚያመጡላት ከበረሃው የሚወጡ የአፋር ነጋዴዎች ናቸው። አርአያም የመጣው ለዛጎሉ ነው። ሁለተኛ ደረጃ ባዮሎጂ ያስተምራል፤ ቤተሰቦቹ ከደቡብ ትግራይ መጥተው ዋጃ ላይ እህል ይነግዳሉ። ጎንበስ ብሎ ከክምሩ አንድ ሾጣጣ ዛጎል አነሳ። ከአውራ ጣት አይበልጥም፤ ቡናማ መረብ የተጣለበት ይመስላል። ደጋግሞ አገላበጠው። ትርፌ ደግሞ ዛጎሉን ትታ እሱን ታየው ጀመር።

«መምህር፣ ለሚስትዎ ነው?»

«ሚስት የለኝም።»

«እንግዲያስ ለማን ብለው ነው እንዲህ የሚጨነቁት?»

«ይቺን የምታህል ነገር ሰው እንደምትገድል ታውቂያለሽ?»

ሳቀች። እሱ ግን አልሳቀም። ይህን ቤት ተሸክሞ ባሕር ውስጥ የሚሄድ ቀንድ አውጣ አለ፣ አላት። ቀርፋፋ ነው፣ ሲያዩት አያስፈራም። ጥርሱን ግን እንደ ጦር ይወረውረዋል፣ መርዝ አለበት። ዓሣው የት እንደተወጋ ሳያውቅ ይደርቃል። አምሮት ብድግ ያደረገው ሰውም አንዳንዴ እንደዚያው ነው።

«ስሙ ማን ይባላል?»

«የዘመዶቹን ስም አውቃለሁ። የዚህን ግን የትም አላገኘሁትም። ገና ማንም የሰየመው አልመሰለኝም።»

«ታድሎ!» አለች ትርፌ፤ ድምጿ ዝቅ አለ። «ስም የሌለውን ማንም አይጠራውም።»

አርአያ ቀና ብሎ አያት። ዓይኖቿን አልሰበረችም። ከዚያ በኋላ አርአያ ገበያ የቀረበት ቀን የለም።

ዛጎሉን ውጭ አገር ለሚኖሩ አንድ ፕሮፌሰር ላከው። ከብዙ ጊዜ በኋላ በጅቡቲ ዳርቻ ሕያው ወንድሙ ተገኘ፤ ለሳይንስ አዲስ ፍጥረት መሆኑም ታወቀ። ፕሮፌሰሩ «አንተ ነህ ያገኘኸው፣ አንተው ስም አውጣለት» ብለው ጻፉለት። ያን ቀን ትርፌን ጎብዬ ድረስ ወስዶ ሻይ ጋበዛት። እዚያ የሚያውቃቸው ሰው ጥቂት ነው።

«አንተን አርአያ ያለህ ማን ነው?» አለችው። አንቱታው ከቀረ ቆይቷል።

«አያቴ። አጎቴ መጠጥ ላይ ስለወደቀበት፣ ይኼኛው እንኳ አርአያ ይሁነን ብሎ።»

«ሆንክላቸው?»

«አንቺን እስካውቅ ድረስ ጥሩ ሄጄ ነበር።»

ያን ቀን ሽማግሌ ለመላክ ተስማሙ። እንደተስማሙ ትርፌ ያለምክንያት በረዳት፤ ነጠላዋን ሰብስባ ደጅ ደጁን አየች።

የአርአያ እናት ጽጌ ደግ ሴት ናት፤ ግን ኮከብ ሳታስቆጥር ልጅ አትድርም። የደብሯ ቄስ ቢሰሙ ይቆጧታል፣ እሷም አትነግራቸውም። ሁለቱ እናቶች ጎብዬ አጠገብ ካሉ አንድ መሪጌታ ዘንድ ሄዱ፤ ትርፌም ተከተለች። መሪጌታው የአርአያን የክርስትና ስምና የእናቱን ስም ተቀብለው ወደ ብዙነሽ ዞሩ።

«የልጅቱስ?»

«ወለተ ማርያም። እናቷ ብዙነሽ» አለች፣ ዓይኗን እንኳ ሳታርገበግብ።

መሪጌታው የስሞቹን ፊደል በቁጥር ደመሩ፣ ገደፉ። ፊታቸው ጠቆረ። እንደገና ከመጀመሪያው ደመሩ።

«እዚህ እንዳልመጣችሁ፣ እኔም እንዳላየሁ እንሁን» አሉ በመጨረሻ። «ገና ሳይገቡበት ቤቱ ውስጥ አስከሬን ተኝቷል።»

«ወይለይ!» አለች ጽጌ። እጇን አፏ ላይ አድርጋ ተነሳች፤ የጋብቻው ነገር እዚያው አበቃ።

ብዙነሽ አንድ ቃል ብትናገር ስሌቱ ሁሉ ይፈርስ ነበር። ያቺ አንድ ቃል ግን ዕድሜ ልኳን የደበቀቻት ናት። ወደ ቆቦ ሲመለሱ በባጃጁ ውስጥ ትርፌ ወደ እናቷ ጆሮ ተጠጋች።

«እማዬ፣ የሰጠሻቸው ስም የእኔ አይደለም።»

«አውቃለሁ።»

«ታዲያ በውሸት ስም ነው እንዴ የምቀረው?»

«ባል ይገኛል፣ ልጄ። እኔ ግን ሌላ ልጅ የለኝም» አለች ብዙነሽ፤ ፊቷን ወደ መንገዱ መለሰች።

ትርፌ ለሁለት ቀን እህል አልቀመሰችም። ከዚያ መሐላዋን አፈረሰች። ጀንበር ስታዘቀዝቅ አርአያን ከማሽላው ማሳ ዳር አግኝታ፣ ጆሮው ላይ ተለጥፋ እውነተኛ ስሟን ነገረችው። 

«ለእናትህ ንገራትና እንደገና ያስቆጥሩ። ከእሷ ሌላ ግን ለማንም!»

«ለማንም» አላት።

ምሎ የከዳ አይመስለውም ነበር፣ እዚህ ላይ ልፍረድለት። አርአያ በኮከብ ቆጠራ አያምንም፤ የመሪጌታውን ድምርና ግድፈት መለመን አሳፈረው። እናቴ ቀስ በቀስ ትለዝባለች ብሎ ተወው። ፕሮፌሰሩ በበኩላቸው የስሙን ነገር ያጣድፉት ነበር። የሚወዳት ሴት ለማንም ያልሰጠችውን ሰጥታዋለች፤ እሱም የማይጠፋ ነገር ሊሰጣት ፈለገ። የትርፌን የክርስትና ስም ለቀንድ አውጣው አወጣለት። ለእናቱ አልነገራትም፤ ለዓለም ሁሉ ግን ነገረ።

ብዙነሽ የሰማችው ወፍጮ ቤት ተራ ስትጠብቅ ነው። ባለወፍጮው ከስልኩ ላይ ጮክ ብሎ ያነብ ነበር፤ የቆቦው መምህር መርዘኛ የባሕር ፍጥረት ማግኘቱን፣ በእጮኛው የክርስትና ስም መሰየሙን። ከዚያ ስሙን አነበበው። ሴቶቹ እየተቀባበሉ ደጋገሙት፣ ለአፍ ይጥማል አሉ። ብዙነሽ እህሏን እዚያው ትታ ወጣች።

ቤት ስትደርስ ትርፌ በትኩሳት ተኝታለች።

ወባ ነው። ክረምቱ እንደወጣ ግማሹ ቆቦ ይተኛል፣ ይህን ብዙነሽም ታውቃለች። ጤና ጣቢያ ወስዳት መድኃኒት ተሰጣት። ትኩሳቱ ግን ጨመረ። አርአያ ሰምቶ እየሮጠ ሲመጣ ብዙነሽ በሩ ላይ ቆማ ጠበቀችው።

«ቀይረው» አለችው።

«እማማ ብዙነሽ…»

«ጻፍና ሌላ ስም ስጠው። የውሻ ስም ስጠው!»

«አይቀየርም። አንዴ ከታተመ የመጀመሪያው ስም ይጸናል፤ ሰያሚው እንኳ ቢጸጸት አያነሳውም። የዓለም ሕግ ነው።»

«እስከ መቼ?»

አርአያ አንገቱን ደፋ። «ለዘላለም።»

«እኔ ስም እየሸሸግሁ፣ ስም እያሳሳትሁ ነው ከሞት ጋር የኖርኩት። አንተ ለዘላለም ጻፍክላት።»

«ስለምወዳት ነው» አለ፤ እንባው ወረደ።

«አውቃለሁ። ለዚያ ነው የማልረግምህ» አለችና በሩን ዘጋችው።

ቀትር ላይ ትርፌ ተኝታ ሳለ ድንገት ቀና አለች። ዓይኖቿ ደጁን ያያሉ።

«አቤት!» አለች።

የጠራት አልነበረም። ብዙነሽ ወደ መኝታዋ ተጠጋች።

«ማን ጠራሽ?»

«ያንን ስሜን ነው የጠራኝ… አንቺ አይደለሽም እንዴ?» አለችና ተመልሳ ወደቀች።

ብዙነሽ ነጠላዋን እንኳ ሳትለብስ በጓሮ አጥር ሾልካ ኢኽላስ ቤት ገባች። ኢኽላስ አብራት ያረጀች ጎረቤቷ ናት፤ ፋሲካና አረፋን ሳይለዩ አብረው የኖሩ ናቸው።

«ኢኽላስ፣ ልጄን ግዢኝ።»

ኢኽላስ ወዲያው ገባት። እዚህ አገር ልጅ የሚሞትባት ሴት የወለደችውን ለሌላ ሴት በእፍኝ እህል ትሸጣለች፤ ሞት ሲመጣ የእናቱን ስም ስቶ እንዲመለስ።

«ትልቅ ሰው ናት እኮ፣ እቴ! ይሄ የሚደረገው ለጨቅላ ነው።»

«ሞት ዕድሜ ይጠይቃል?»

«ሕጉን አትርሺ ታዲያ። ከሸጥሽ ወዲያ ልጄ አትያትም። እሷም እማዬ አትልሽም። አንድ ቀን ካመለጣችሁ የተሸጠው ይፈርሳል።»

«ስሟን ዓለም አውቆታል፣ ያን ልመልሰው አልችልም። የእናቷ ስም ግን በእጄ ነው» አለች ብዙነሽ።

ኢኽላስ ከጎታዋ ማሽላ ዘገነች። «ቢስሚላህ» ብላ በብዙነሽ መዳፍ ላይ አፈሰሰችው። ሁለቱም እያለቀሱ ትርፌን በብርድ ልብስ ተሸክመው በአጥሩ አሻገሯት።

ትኩሳቱ በማግስቱ ለቀቃት። ጤና ጣቢያው መድኃኒቱ ነው አለ፤ ይሁን። ትርፌ ስትነቃ «እማዬ!» ብላ ተጣራች። ብዙነሽ ከአጥሩ ወዲያ ነበረች፣ ሰማቻት። ነጠላዋን አፏ ውስጥ ጎስጉሳ ዝም አለች። «አቤት፣ ልጄ» ያለችው ኢኽላስ ናት፤ መሸጧንና ሕጉን የነገረቻትም እሷው ናት።

አርአያ ሊጠይቃት ሲገባ ትርፌ ግድግዳ ተደግፋ ተቀምጣ ነበር። 

«ስሜን የሰጠሁህ ለእናትህ ብዬ ነው። አንተ ለባሕር ሰጠኸው።»

«አጥፍቻለሁ። ትተይኛለሽ?»

ፊቱን አየችው። ከስቷል፣ ጢሙን አልተላጨም። ልትጠላው ሞከረች፣ አልሆነላትም። እንደድሮው አድርጋ ልትወደውም ሞከረች፣ ያም አልሆነላትም።

«እወድሃለሁ፣ ክፋቱ እሱ ነው» አለች። «ደግሞስ እንድኖር የተከፈለልኝን ጥዬ የት እሄዳለሁ?»

አርአያ በመጨረሻ ለእናቱ ሁሉን ነገራት። ጽጌ እንደገና አስቆጠረች፤ በእውነተኛው ስም፣ እናት ኢኽላስ ተብሎ። መሪጌታው አንዴ ደምረው «ይሁን፣ ዳሪያቸው» አሉ። በእውነተኛው ስምና በወለደቻት እናት ስም ምን ይወጣ እንደነበር የጠየቃቸው የለም፤ እሳቸውም አልሞከሩትም።

ሠርጉ ከጥምቀት በኋላ ሆነ። ዳሱ የተጣለው ኢኽላስ ግቢ ነው፤ የክርስቲያኑና የሙስሊሙ ድግስ ለየብቻ ተሰናድቷል። በእናት ወንበር ላይ ኢኽላስ በአዲስ ቀሚስ ተቀምጣለች፣ ዓይኗ ቀልቷል። ብዙነሽ ከጎረቤት ሴቶች ጋር ከኋላ ተቀምጣ ታጨበጭባለች። ዳሱ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ያውቃል፣ ሁሉም ወደዚያ ላለማየት ይጠነቀቃል።

ትርፌ በነጭ ቬሎ ወጣች፤ አርአያ ክንዷን ይዟል። የኢኽላስን ጉልበት ሳመች፣ ተመረቀች። ከዚያ ወደ መኪናው ስትሄድ መንገዷ በብዙነሽ ፊት ያልፋል። እዚያ ስትደርስ እግሯ ቆመ። ከንፈሯ ተንቀሳቀሰ። ዘፋኙ እንኳ ድምፁን ቀነሰ፤ አርአያ ክንዷን አጥብቆ ያዘ።

ብዙነሽ ፈጥና ተነሳች፣ ቃሉ ከልጅቱ አፍ ሳይወጣ።

«እንኳን ደስ ያለሽ፣ የኢኽላስ ልጅ» አለች።

ትርፌ አየቻት። እንደማንኛውም የጎረቤት ልጅ ጎንበስ አለችላት።

«እንኳን አብሮ ደስ አለዎት፣ እማማ ብዙነሽ» አለችና አለፈች።