ባዶውን የዞረው ድንጋይ

ሟቹ የገጠር ሙያዎችን በዘጋቢ ፊልም ቀርፆ የሚያስቀምጥ ዳይሬክተር ነበር። ትናንት አመሻሽ ላይ የባለወፍጮው ልጅ ከገበያ ስትመለስ ከወፍጮ ቤቱ ደረጃ ሥር ተዘርሮ አገኘችው። ከበላዩ የውሃ ወፍጮው ይዞራል፤ አንዲት ፍሬ እህል የለበትም።

ፖሊስ ሽማግሌውን ባለወፍጮ ይዞ መዝገቡን ሊዘጋ ምንም አልቀረውም። ጡረታዋ ሦስት ወር የቀራት ኢንስፔክተር ጉልበቷን እያሻሸች ደረጃውን ወጣች።

«ትናንት ረፋዱ ላይ ከማን ጋር ነበር የተጯጯኹት አባባ?»

«ከካሜራማኑ ጋር ነዋ ልጄ። ዱቄቱ የካሜራዬን መስተዋት ይሸፍነዋል፣ ባዶውን አዙርልኝ ይለኛል። እህል ከሌለ ድንጋይ ድንጋይን ይበላል! ዳይሬክተሩ ነው የገላገለን። ከዚያ ራሴን አሞኝ ቤቴ ተኛሁ።»

የፊልሙ የድምፅ ባለሙያ መቅረጫዋን ለኢንስፔክተሯ አቀበለቻት። «በየቦታው አንድ ደቂቃ ዝምታ እቀዳለሁ፤ ሥራችን ነው። ይኼ የወንዙ ዳር ነው፣ ትናንት ዘጠኝ ሰዓት።»

ውሃ ተሰማ፤ ወፍ፤ ከዚያ ከሩቅ የድንጋይ ጉርምርምታ። ቀጥሎ የራሷ ድምፅ፦ «ኧረ በፈጠራችሁ! አሁን ማን አስነሳው?»

ኢንስፔክተሯ ያን ሰዓት የት እንደነበር ስትጠይቀው ካሜራማኑ እያዛጋ መለሰ። «እኔ መኪና ውስጥ ተኝቼ ነበር።»

ኢንስፔክተሯ ሁሉንም ግቢው ውስጥ ሰበሰበቻቸው። ሽማግሌው እጁ ታስሮ በሁለት ፖሊሶች መሀል ቆሟል።

«እትዬ፣ አባቴ በሽተኛ ነው» አለች ልጁ። «እስር ቤት ከገባ አይወጣም።»

«ደክሞኛል፤ ባጭሩ ልጨርሰው። ወፍጮውን ያስነሳው ሰው እህል አልጨመረም። አባባ በዕድሜያቸው ባዶውን አዙረውት አያውቁም፤ ልጃቸውም እዚሁ ዱቄት ላይ ነው ያደገችው። የድምፅ ባለሙያዋ ደግሞ ወንዝ ዳር ነበረች፤ ንጭንጯ ሳይቀር ተቀድቷል። ባዶ ወፍጮ የፈለገ አንድ ሰው ነው።»

«ውሃውን መልቀቅ እኔ ምን አውቄ!» አለ ካሜራማኑ።

«አራት ቀን ሙሉ የአባባን እጅ ስትቀርፅ ከርመህ?»

«ማስረጃ የለዎትም።»

«ካሜራህ ውስጥ አለ። ብናኝ የሌለበት ድንጋይ፣ በመስኮት የገባ ፀሐይ። ሰው ሞቶበትም እንኳ ልታጠፋው አልጨከንክም።»

እጁ ሳያስበው ቦርሳውን ጠበቅ አደረገ። ፖሊሱ ወሰደበት።

በካሜራው ትንሽ ስክሪን ላይ ድንጋዩ ይዞራል፤ ያምራል። ከዚያ የሟቹ ድምፅ መጣ። «አቁመው! የሰውየውን ድንጋይ ልትጨርሰው ነው!» አንድ ትከሻ ምስሉን ጋረደው። አንድ እጅ ገፋው።

«ምስሌ ውስጥ ገባብኝ» አለ ካሜራማኑ ቁጭ ብሎ። «ገፋ ነው ያደረግኩት…»

«ሙያቸውን ላድን ነው ብለህ አልነበር የመጣኸው?» አለች ኢንስፔክተሯ። ንዴቷ ከድካሟ በልጦ ወጣ። «ዳይሬክተሩን ገደልክ፣ የአባባን ድንጋይ በላህ፣ እሳቸውን አሳሰርክ። ያዳንከው ያቺን ምስል ብቻ ነው!»

የሽማግሌው እጅ ተፈታ። ማንንም ሳያይ ደረጃውን ወጣ፤ ልጁ ተከተለችው። በመዳፉ ድንጋዩን ዳሰሰ።

«ስንት ሰዓት ዞረ?»

«ሦስት።»

«ውቅሩ አልቋል፤ እንዲህ ሆኖ እህል አይፈጭም። መዶሻዬን አምጪልኝ።»

ኢንስፔክተሯ ደረጃው ላይ ቁጭ አለች። ከላይ ሽማግሌው ድንጋዩን እንደ አዲስ ይወቅር ጀመር፤ ቀስ እያለ፣ እንደ አባቱ። ካሜራው በማስረጃ ከረጢት ታሽጎ ነበርና ይህን የቀረፀው ማንም አልነበረም።