የቃሬዛው መንገድ

ደምለው በራሱ የድንጋይ ካብ ሥር ሞቶ የተገኘው፣ ካቡ በፍርድ ሊፈርስ አንድ ሰዓት ሲቀረው ነበር።

ከመንደሩ ወደ ሮብ ገበያ ጤና ጣቢያ የሚወስደውን መንገድ በካብ አጥብቦ ከገብስ ማሳው ጋር ከቀላቀለው ሁለት ዓመት ሆኖታል። ወረዳው ሦስት ጊዜ አስጠነቀቀው፤ አልሰማም። መንደርተኛው «ሁከት ይወገድልን» ብሎ ከሰሰው፤ ፍርድ ቤቱም ካቡ በደምለው ወጪ እንዲፈርስ ወሰነ። አፈጻጸሙ ዛሬ ጧት በሦስት ሰዓት ነውና ሰዉ ዶማና ዲጂኖ ይዞ ወጥቷል።

ኢንስፔክተር ሥራነሽ ሬሳውን መረመረች። ማጅራቱ ተፈንክቷል። ከካፖርቱ ኪስ የታጠፈች ወረቀት አወጣችና ፊቷንም ጀርባዋንም አንብባ ወደ ቦርሳዋ ከተተቻት።

«ካቡ ተንዶበት ነው» አለ የሟቹ ታናሽ ወንድም ሙላት፣ መንገዱ ላይ የተናደውን ድንጋይ እያሳየ።

«የዘመመው ወዴት ነበር?»

«ወደ ማሳው።»

«ታዲያ ወደ መንገዱ ማን ናደው?»

ሙላት በውርስ መሬት ከወንድሙ ጋር መጣላቱን የማያውቅ አልነበረም።

ቄስ ወልደ ገብርኤል ግን ምንም አልሸሸጉም። «መንገድ የዘጋብንን መንገዱን ዝጋበት ብዬ ረግሜዋለሁ። በድንጋይ ግን አላልኩም!»

«አባ፣ ይህ ዶማ የእርስዎ ነው?»

«የእኔ ነው ልጄ። ለዛሬ ብዬ አዲስ እጀታ አስገብቼለታለሁ።»

የቀረው ተጠርጣሪ እንዳላማው ነበር፤ በሽተኛ ተሸክሞ ጤና ጣቢያ የሚያደርሰው የቃሬዛ ማኅበር መሪ። ሚስቱን የብርጓልን አምና ምጥ ሲይዛት ቃሬዛው በካቡ በኩል አላልፍ ብሎ፣ በገደሉ ሲዞሩ ሞታባቸዋለች።

«ትጠላው ነበር?»

«እንዴታ! ግን ሕጉ ዛሬ ሊያዋርድልኝ ለምን እገድለዋለሁ? ቆሜ ልስቅበት ነበር እንጂ!»

ሥራነሽ ወደተናደው ካብ ተመለሰች። መንገዱ ላይ ከወደቀው ድንጋይ መሃሉን ሰው አንሥቶ ግራና ቀኝ ደርድሮታል። ቃሬዛ አስመጥታ በአራት ተሸካሚ አሳለፈችው። ልክክ ብሎ አለፈ።

ሁሉንም ሰበሰበቻቸው።

«ካቡ ወደዘመመበት አልወደቀም፤ የሰው እጅ ነው የናደው። ገዳዩ ግን ድንጋዩን መንገድ ላይ ትቶ መሄድ አልሆነለትም። ያለ ሜትር፣ የቃሬዛን ስፋት በትከሻው የሚያውቅ ሰው ነው። ከመንደሩ ሁሉ ደግሞ ባዶ እጁን የመጣ አንድ ብቻ አየሁ። እንዳላማው፣ ሁለት ዓመት ሙሉ የጠበቅኸው ቀን ነው፤ ዶማህ የታለ?»

እንዳላማው ባዶ እጆቹን አየ።

«ካቡ ዛሬ እንደማይፈርስ አምነህ ነበር። ማን ነገረህ?»

«ራሱ ነዋ!» ብሎ ጮኸ። «ትናንት ምሽት ወረቀት እያውለበለበ ‹የበላዩ ፍርድ ቤት አግዶልኛል፣ ማኅተሙን እየው! ሚስትህን በገደል እንደወሰድካት አንተንም በገደል ይወስዱሃል› አለኝ። ዞር ሲል በድንጋይ መታሁት፤ ካቡ የገደለው እንዲመስልም ናድኩበት። አልቆጭም!»

«ማንበብ ትችላለህ?»

«ማኅተም አውቃለሁ።»

ወረቀቷን አወጣች። «ፊቷ እሱ የጻፈው የእግድ ጥያቄ ነው፤ ማኅተሙም መዝገብ ቤቱ ጥያቄውን መቀበሉን ብቻ ነው የሚያሳየው። ጀርባዋን አላሳየህም። አባ፣ ያንብቡለት።»

ቄሱ አነበቡ። «ጥያቄው ውድቅ ተደርጓል። አፈጻጸሙ ይቀጥል።»

እንዳላማው መሬት ላይ ቁጭ አለ።

ልክ በሦስት ሰዓት ካቡ መፍረስ ጀመረ። በሰፋው መንገድ ላይ መጀመሪያ ያለፈው ቃሬዛ የደምለውን ሬሳ የያዘው ነበር። የማኅበሩ መሪ እጁ በካቴና ስለታሰረ ሙላት በእሱ ቦታ ገብቶ ተሸከመ።

እንዳላማው በፖሊስ መኪናው መስኮት አንገቱን አወጣ።

«አየህ ደምለው! ያሳልፋል!» አለ።

ተሸካሚዎቹ ዞር ብለው አላዩትም።