ሳቂዋ ሴትዮ

የኮሜዲ ፕሮግራሙ ፕሮዲዩሰርም ዳይሬክተርም የሆነው ሰውዬ መቆጣጠሪያ ክፍሉ ውስጥ በደም ተነክሮ ተዘርሯል። የመብራት መቆሚያ ብረት ግንባሩን ከፍሎታል፤ ጥርሶቹ ምንጣፉ ላይ ተበትነዋል፤ ደሙ እስከ ስክሪኑ ተፈናጥሯል። መርማሪዋ ስንቱን ሬሳ አይታለች፤ እንዲህ ያለ ግን አይታ አታውቅም።

«ምን ዓይነት ጭካኔ ነው!» አለች።

ሰውየው በዚህ የኬብል ቴሌቪዥን ጣቢያ ሥራ የጀመረው ሽቦ በመጠቅለል ነበር። ከዚያ ካሜራ ያዘ፤ እያለ እያለ ሰው ራቱን ትቶ የሚያየው የሳቅ ፕሮግራም ባለቤት ሆነ። ዛሬ አዳራሹ በተመልካች ተሞልቶ ቀረጻ ላይ ሳሉ አንዱ ገብቶ ጨረሰው።

ለፖሊሶቹ ነገሩ ያለቀለት ነው። የሟች ታናሽ ወንድም፣ ዋናው ተዋናይ፣ ሬሳውን አቅፎ ተገኝቷል፤ ትናንት ደግሞ በሰው ፊት ተናንቀዋል። አንዱ ፖሊስ በቦክስ ከንፈሩን ሰንጥቆ በካቴና ጠፍሮታል።

«ገደልከው?» አለችው መርማሪዋ።

«ጋሼን? እኔ? ተጣላን እንጂ... ልጠራው ስገባ ወድቆ አገኘሁት!»

ልብስ የምታዘጋጀው ታላቅ እህታቸው መርማሪዋ እግር ላይ ተደፋች። «በፈጠረዎት! አንዱን አጣሁ፣ ሌላውን አይውሰዱብኝ!»

«ይነሱ እንጂ እናቴ። እርስዎ የት ነበሩ?»

«ልብስ ክፍል፣ የተቀደደ ሱሪ ስሰፋ። ብቻዬን።»

ቀጥሎ ደራሲው ቀረበ፣ የሟች የወጣትነት ጓደኛ። ቤቱ እንደዚያ እየቀዘቀዘ እሱ በሸሚዝ ብቻ ነው።

«እኔማ አዳራሹ ውስጥ ኋላ ተቀምጬ ነበር። ዛሬ ቀልዶቼን ከሕዝቡ ጋር ልይ ብዬ» አለ።

«ዛሬስ እንዴት ነበሩ?»

ጓደኛው በድን ሆኖ እዚያ ተኝቶ፣ የሰውየው ፊት በራ። ወይ ጉድ!

«ኧረ ይተዉኝ! በድራማው ላይ ሕመምተኛዋ ‹ሐኪሙ ልቤን አዳምጦ፣ ማነው የሚያንኳኳው አለኝ› ስትል አዳራሹ ፈነዳ። አንዲት ሴትዮማ ሌላው ዝም ካለ በኋላ እንኳ ትንፋሽ እስኪያጥራት ሳቀች።»

መርማሪዋ ወደ ድምፅ ባለሙያው ክፍል ገብታ በሩን ዘጋች። ስትወጣ ሁሉንም መድረኩ ላይ ሰበሰበች።

«አዳራሹ ውስጥ የተቀዳውን ስሙ» አለች።

የሕመምተኛዋ ቀልድ ተሰማ። ከዚያ አንድ ሰው አሳለ። በቃ፣ ሌላ ምንም የለም።

«አሁን ደግሞ መቆጣጠሪያ ክፍሉ ውስጥ የተሰማውን።»

ያው ቀልድ መጣ፤ ሳቁ ግን ጣራ ነካ። አንዲት ሴትዮ ሌላው ዝም ካለ በኋላ ትንፋሽ እስኪያጥራት ትስቃለች።

ድምፅ ባለሙያው አንገቱን ደፋ። «አለቃዬ ጠረጴዛው ሥር ቁልፍ ነበራቸው። ቀልድ ሲከሽፍ ተጭነው በቴሌቪዥን በሚወጣው ቀረጻ ላይ የተቀዳ ሳቅ ያስገባሉ። በቀረጻ ሰዓት ሳቁ መቆጣጠሪያ ክፍሉ ውስጥ ብቻ ነው የሚሰማው። የሴትዮዋን ሳቅ ማሽኑ ላይ የጫንነው ዛሬ ጠዋት ነው፤ ከኔና ከሳቸው በቀር የሚያውቀው የለም።»

«ታዲያ ደራሲው ከየት ሰሟት?» አለች መርማሪዋ። «ሟች ቁልፉን ሲጫኑ አጠገባቸው ቆመው ነዋ! ከዚያ በኋላም ቀልዶች ከሽፈዋል፤ ቁልፉን ግን የነካው የለም። የሚነካው ሞቷል።»

ይሄኔ አንድ ፖሊስ ከመድረክ ዕቃ ሳጥን ውስጥ ያገኘውን ኮት ዘረጋው። እጅጌው በደም ጨቅይቷል።

ደራሲው ጮኸ። «አባረረኝ! ‹ደርቀሃል፣ ሌላ ሰው ይዣለሁ› አለኝ። ሕዝቡ እየሳቀልኝ! ‹አትሰማም እንዴ?› ስለው ዝም ብሎ አየኝ። በዚያ አስተያየቱ ነው ብረቱን ያነሳሁት!»

ተወርውሮ የድምፅ ባለሙያውን ጉሮሮ አነቀ። ሁለት ፖሊሶች መንጭቀው ወለሉ ላይ በግንባሩ ሲደፉት አፍንጫው ተሰበረ። የወንድምየው ካቴና ተፈትቶ እሱ ላይ ገባ። መርማሪዋ ስለ እስሩ ስትነግረው ጆሮም አልሰጣት፤ ደሙን እየተፋ ወደ ድምፅ ባለሙያው ቀና አለ።

«የእውነት... አንድም ሰው አልሳቀም?»

«አንድም ሰው።»

እህትየው ታናሽ ወንድሟን ደረቷ ላይ አጥብቃ እንደያዘች ዞር አለች። «እንዳታፍር ብሎ ሲስቅልህ የኖረው የገደልከው ወንድሜ ነበር» አለችው።